የጦጣ በሉ ንስር ቀኝ እግር

አዲሱ ዳይሬክተር ንስራችንን ወደ ምድር ቤት ሊያወርደው መሆኑን የሰማሁት ከራሱ አፍ አይደለም፤ ከዘበኛው ነው።

«የመስታወት ሳጥኑን በሜትር ለክተውት ሄዱ» አለኝ ሰኞ ጠዋት በሩን እየከፈተልኝ። «ከዚያ ወርደው የመጋዘኑን በር ለኩ። ቁጥሩ ገጥሞላቸው መሰለኝ ፊታቸው በርቶ ነበር።»

«ማንን አስፈቅደው?»

«እኔን እንዳትይኝ። እኔ በር እከፍታለሁ እንጂ ፈቃድ አልሰጥም።»

ቦርሳዬን ሳላስቀምጥ ደረጃውን ሁለት ሁለቱን እየረገጥኩ ወጣሁ። ሰው መቆጣት ካለበት ትኩስ ትኩሱን ነው። ያደረ ቁጣ እንደ ያደረ ሻይ ነው፤ ቀለም እንጂ ጣዕም የለውም።

በተፈጥሮ ሙዚየማችን የፊት አዳራሽ፣ ከበሩ ትይዩ፣ አንድ ትልቅ የደን ንስር ደረቅ ግንድ ላይ ቆሟል። ክንፎቹን ግማሽ ከፍቷል። የግራ እግሩ ጥፍሮች በአንዲት ጦጣ ትከሻ ውስጥ ገብተዋል፤ ጦጣዋም ሆዱ ሥር ተጣጥፋ፣ አፏን ከፍታ፣ «አያችሁ የሚሠራኝን?» በሚል ዓይን ጎብኚውን ታያለች። ከሥሩ ያለው የናስ መግለጫ «ጦጣ በል ንስር፤ የጥቅጥቅ ደን አዳኝ» ይላል። የሠራው አጎቴ ነው፣ የእናቴ ወንድም፣ ከአርባ አንድ ዓመት በፊት። የሞተ እንስሳ ቆዳ በጭድና በሽቦ ሞልቶ፣ የመስታወት ዓይን ሰክቶ፣ በሕይወት ያለ ማስመሰል ሙያው ነበር። ባልደረቦቹ «ሙት አስነሺው» ይሉት ነበር። እኔ ደግሞ የሙዚየሙ መግለጫ ጸሐፊ ነኝ፤ እሱ ያስነሳቸውን ለሕዝብ አስተዋውቃለሁ።

«ንስሩ ምን በደለዎት?» አልኩት ዳይሬክተሩን ገና ከበሩ።

ዳይሬክተሩ የእኔን ቁጣ እንደ ዝናብ ነው የሚያየው፤ እስኪያባራ ይጠብቃል። ካባራሁ በኋላ አንድ ጥናት ወደ እኔ ገፋ አደረገ።

«ተመራማሪዎች ሦስት ዓመት ሙሉ ከንስሩ ጎጆ ሥር አጥንት ሲለቅሙ ከረሙ» አለ። «ከሁለት መቶ አሥር አደን ውስጥ ጦጣ ዘጠኝ ብቻ ነው። የቀረው ሽኮኮ፣ እባብና የሌሊት ወፍ። ስሙ ውሸት ነው።»

«ዘጠኝ ጦጣ አነሰዎት? እስቲ ይሂዱና ለዘጠኙ ጦጣዎች ይንገሯቸው!»

«እኔም በዓመት ዘጠኝ ቀን ዓሣ እበላለሁ። ዓሣ በል ዳይሬክተር ልትሉኝ ነው?»

ከዚህ የባሰ ስም እንዳወጣንለት ልነግረው ነበር፤ ዋጥኩት።

«ሐሰት የተሸከመ ነገር ከፊት አዳራሽ አይቆምም» አለ። «ምድር ቤት ይወርዳል። አለቀ።»

ለእሱ ያለቀው ለእኔ የጀመረው እዚያ ላይ ነው። ወደ ምድር ቤቱ የሚወስደው ደረጃ ሠላሳ ሁለት ነው፤ አሳንሰር የለውም። አጎቴ ሰባ ስምንት ዓመቱ ነው፤ ጉልበቱ የሚችለው ሦስት ደረጃ ነው፣ እሱንም አንድ በአንድ እየሰደበ። ጡረታ ከወጣ ጀምሮ በየቀኑ አራት ሰዓት ላይ ምርኩዙን ይዞ ከቤታችን ይወጣል፤ ንስሩ ፊት ካለው አግዳሚ ወንበር ላይ ይቀመጣል፤ ጋዜጣ ያነብባል፤ ስድስት ሰዓት ሲሆን ተነሥቶ ለንስሩ ራሱን ነቅንቆ ይመለሳል። ከሠራቸው ነገሮች ሁሉ እይታ ላይ የቀረው ይህ ብቻ ነው። አንበሳውን ብል በላው፤ አዞው በሆዱ ተሰነጠቀ። ንስሩ ከወረደ አጎቴ ጠዋት ከአልጋው የሚነሣበት ምክንያት አይኖረውም። ይህን ለዳይሬክተሩ አልነገርኩትም። ለሚከራከረኝ ሰው አንጀቴን አላሳይም።

ያደረግኩት ሌላ ነው። በማግስቱ ጋዜጣ ላይ እንዲህ ስል ጻፍኩ፦ «ስምን መልአክ ያወጣዋል ይባላል። ይህን ንስር ጦጣ በል ያሉት የደን ሰዎች ከዘመን ዘመን በዓይናቸው አይተው ነው። አጥንት የለቀመ ሁሉ የስም አባት ልሁን ካለ፣ ውሻም ስም ማውጣት ይችላል ማለት ነው። ስሙ ሐሰት መሆኑን ያሳየኝ ሰው ከተገኘ፣ በዚሁ ጋዜጣ ላይ ተሸንፌያለሁ ብዬ እጽፋለሁ።»

አጎቴ ጽሑፉን አግዳሚው ላይ ተቀምጦ አነበበ። ጎሽ ይለኛል ብዬ ስጠብቅ ጋዜጣውን አጥፎ መነጽሩን ማጽዳት ጀመረ። ሲያጸዳ፣ ሲያጸዳ መስታወቱ ሊያልቅ።

«አልወደዱትም እንዴ?» አልኩት።

«የውሻዋ ነገር ጥሩ ናት» አለኝ።

ዳይሬክተሩ ከሰዓት በኋላ አስጠራኝ። ጋዜጣው ጠረጴዛው ላይ ነበር፤ «ከዘመን ዘመን» የሚለው ሥር በቀይ ተሰምሮበታል።

«ጥሩ» አለኝ። «እንግዲያው ስሙ እውነት መሆኑን የሚያስረዳ አዲስ መግለጫ ይጻፉ። የዘበኛውን ፈተና ካለፈ እፈርማለሁ፤ ንስሩም ይቆማል። እስከ ዓርብ ካላለፈ ቅዳሜ ጠዋት ተሸካሚዎች ይመጣሉ።»

«ለዚህ ዓርብ ድረስ ምን አስጠበቀን?» ብዬ በሩን ትንሽ ጠንከር አድርጌ ዘጋሁት።

የዘበኛ ፈተና የሙዚየማችን ሕግ ነው። ማንኛውም መግለጫ ከመታተሙ በፊት እቃው ፊት ቆሞ ለዘበኛው ጮክ ተብሎ ይነበባል። ዘበኛው መልሱ መግለጫው ውስጥ የሌለ አንድ ጥያቄ ከጠየቀ ጽሑፉ ይመለሳል። ጥያቄ ከሌለው ዳይሬክተሩ የመፈረም ግዴታ አለበት። ሕጉን ያወጣው የዛሬ ሃያ ዓመት የነበረ ዳይሬክተር ነው፤ ከእኛ በፊት መግለጫ የሚጽፉት ምሁራን ነበሩና አንባቢ እያዛጋ አስቸገረ። የእኛ ዘበኛ ደግሞ ለዚህ ሥራ የተፈጠረ ሰው ነው። ስለ ጉማሬው የጻፍኩትን «ታዲያ ውኃ ውስጥ ሲያነጥሰውስ?» ብሎ ሦስት ጊዜ መልሶብኛል። የንስሩ የናስ መግለጫ ግን ከሕጉ በፊት የተለጠፈ ስለሆነ ተፈትኖ አያውቅም።

ረቡዕ አራት ሰዓት ተኩል ላይ መግለጫዬን ይዤ ንስሩ ፊት ቆምኩ። አጎቴ አግዳሚው ላይ ነበር። ዘበኛው ኮፍያውን አውልቆ፣ እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ አዳመጠኝ። ስለ ጥፍሮቹ ርዝመት አነበብኩ፤ በዛፎች መካከል ሳይነካካ ስለሚበርባቸው አጫጭርና ሰፋፊ ክንፎቹ አነበብኩ፤ ጦጣ ሲይዝ በሁለት እግሩ እንዴት ጨምቆ እንደሚይዝ አነበብኩ፤ ስለ ስሙም እሳት የሆነ አንቀጽ አነበብኩ።

«ጨረስሽ?»

«ጨረስኩ።»

«እሺ። ቀኝ እግሩ የት አለ?»

«ምን?»

«በሁለት እግሩ ይይዛል ብለሻል። ግራውን አያለሁ። ቀኙ የት አለ?»

«ከጦጣዋ ጀርባ ነዋ!»

«የጦጣዋን ጀርባ በየሳምንቱ በላባ መጥረጊያ የምጠርገው እኔ ነኝ የኔ ልጅ። ከጀርባዋ ግድግዳ እንጂ እግር የለም።»

«ታዲያ እስከ ዛሬ ለምን አልተናገሩም?»

«አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ስለዚህ ንስር ጠይቅ ያለኝ የለም። ሳይጠየቅ የሚጠይቅ ዘበኛ ወሬኛ ይባላል።»

ሳጥኑን አስከፈትኩ። ተንበርክኬ በእጄ ዳሰስኩ። ቀኝ ጭኑ ወደ ጦጣዋ ወገብ ወርዶ ወርዶ ላባው ባለቀበት በሽቦ ያልቃል። ዞር ስል አግዳሚው ባዶ ነው። አጎቴ፣ ያ ሦስት ደረጃ ለመውረድ ሩብ ሰዓት የሚፈጅበት ሰው፣ ጋዜጣውን ትቶ ሄዷል።

ቤት ስደርስ የኋላውን ክፍል ዘግቶ መስኮት ሥር ካለው የሥራ ጠረጴዛው ተቀምጧል። መሳቢያውን ከፍቶ የመስታወት ዓይኖች በመጠን እየለየ ነው። ይህን የሚያደርገው ጥፋት ሲኖርበት ነው፤ እናቴ ስትቆጣውም ዓይን ይለይ ነበር።

«እግሩ የት ሄደ አጎቴ?»

«የማን እግር?»

«የእኔ!»

«ያንቺማ ሁለቱም አሉ፤ ሲመጡ ሰማኋቸው።»

«አጎቴ!»

አንድ የጉጉት ዓይን አንሥቶ በብርሃን አየው። «ድመት በላችው» አለ።

«የምን ድመት?»

«የሙዚየሙ ድመት ነበረች። አይጥ እንድትይዝ ነው የተቀጠረችው። እግሩን መድኃኒት ቀብቼ መስኮት ላይ አደርቃለሁ፤ ሻይ ልጠጣ ወጣሁ፤ ስመለስ አንድ ጥፍር ብቻ ቀርቷል። መድኃኒቱም አልጎዳት፤ እንዲያውም ወፈረች። አዳራሹ የሚመረቀው በሁለተኛው ቀን ነው። ሙሉ ንስር ቃል ገብቼ አንካሳ ንስር ላቁም?»

«ጦጣዋስ?»

«ጦጣዋ የዚያን ጊዜው ዳይሬክተር ሚስት ናት።»

«እ?»

«የሚስትየዋ ናት ማለቴ ነው! ልዕልት ይሏታል። የእመቤቷን የፀጉር ቅባት ከነክዳኑ በልታ በዚያው ሳምንት ሞተች። ትራስ ላይ አስቀምጠህ ሥራልን ብለው አመጡልኝ። እኔ ደግሞ ከንስሩ ሥር አስገብቼ ጉድለቴን ሸፈንኩባት። አፏን የከፈትኩት ለማስፈራት ነው፤ ስትኖር እንኳ ከቅባት ሌላ አፏን የሚያስከፍታት ነገር አልነበረም።»

ልቆጣ ፈልጌ ነበር፤ ሳቅ ቀደመኝና ይበልጥ ተናደድኩ። «እመቤቲቱ ምን አሉ?»

«ምረቃው ላይ መጋረጃው ሲገለጥ ‹ልዕልትዬ!› ብለው ጮኹ። እንግዳው ሁሉ በአድናቆት የጮኹ መስሎት አጨበጨበ። አንድ ትልቅ ሰው ወደ እኔ ዞረው ‹ስሙ ማን ይባላል?› አሉኝ። ላቤ ይንጠፈጠፋል፤ እመቤቲቱ ያለቅሳሉ፤ ፊቴ ያለው ንስርና ጦጣ ነው። ‹ጦጣ በል› አልኩ። በማግስቱ ጋዜጣ ጻፈው፣ ከጋዜጣው መጽሐፍ ገለበጠው፣ ከመጽሐፉ አስተማሪ አስተማረው፣ ከአስተማሪው አንቺ ተማርሽው።»

ወንበር ፈልጌ ተቀመጥኩ። «ከዘመን ዘመን» ብዬ የጻፍኩት ይኸው ነበር። ስም ያወጣው መልአክ አጎቴ ሆኖ ተገኘ፤ ያውም ሻይ ጠጥቶ የተመለሰ።

«የደን ሰዎችስ ማን ነበር የሚሉት?» አልኩ ደክሞኝ።

«ሁሉንም አላውቅም። ሞቶ አግኝቶ በጆንያ ያመጣልኝ እንጨት ቆራጭ ‹ዝም አሰኚው ሞተ› ነው ያለኝ። ለምን አልኩት። ‹እሱ ዛፍ ላይ ያረፈ ጊዜ ጫካው ሁሉ በዝምታ ይዋጣል› አለኝ። ‹ወፉም፣ ጦጣውም፣ ትልቅ አፍ ያለው ሁሉ። እኛ እሱን አይተነው አናውቅም፤ ዝምታውን ሰምተን ነው የምናውቀው።›»

«ይህን የመሰለ ስም በእጅዎ ይዘው!»

«ያኔ ትዝ አላለኝማ! አንቺ እመቤት እያለቀሱብሽ ትዝ ይልሽ ነበር?» ድምፁ ዝቅ አለ። «ጡረታ ከወጣሁ ጀምሮ እዚያ የምቀመጠው ደስ ብሎኝ ብቻ መሰለሽ? አንድ ሰው ዞሮ ከኋላ እንዳያይ እጠብቃለሁ። በኋላማ ለመድኩት። አሁን እግር ባይኖረውም ወዳጄ ነው።»

ከዚያ ወደ ሌላው መሳቢያ እጁን ሰደደና በጨርቅ የተጠቀለለ ነገር ጠረጴዛው ላይ አኖረ። ስፈታው የደረቀ የአሞራ እግር ነው።

«ቀለም ከቀባሁት ማንም አይለየውም» አለ። «ነገ ጠዋት ግማሽ ሰዓት ስጪኝ።»

እውነቱን ልናገር፤ አላመነታሁም። ሐሙስ ጠዋት ሙዚየሙ ሳይከፈት አጎቴን ደግፌ፣ ቢጫ የተቀባ የአሞራ እግር ቦርሳዬ ውስጥ ይዤ በሩ ላይ ቆምኩ። ለእውነት ስጮኽ የከረምኩት ሴትዮ!

ዘበኛው ቦርሳዬን አየ፤ አጎቴን አየ፤ ከቦርሳው አፍ የወጣውን ጥፍር አየ።

«እኔ ዓይኔን እጨፍናለሁ» አለ። «ለጋሼ ስል።»

«እግዜር ይስጥልን» አለ አጎቴ።

«ግን ፈተናው ላይ እጠይቃለሁ።»

«ምኑን?» አልኩ።

«ይህ እግር ትናንት የት ነበረ ብዬ።»

አጎቴ መጀመሪያ ሳቀ፤ ምርኩዙ ላይ ተደግፎ፣ ትከሻው እየተንቀጠቀጠ። «ይሄ ሰውዬ ያኔ ቢኖር ኖሮ ድመቷ ራሷ ትናዘዝ ነበር» አለ። ከዚያ ወደ እኔ ዞረ። «ጻፊው። እንዳለ ጻፊውና ልውረድም ካለ ይውረድ።»

ቢሮዬ ገብቼ ጻፍኩ። እንደዚያ ቀን ብዕር ከብዶኝ አያውቅም። ከሰዓት በኋላ ለዘበኛው አነበብኩለት፦

«ዝም አሰኚ ንስር። ያመጣልን እንጨት ቆራጭ በዚህ ስም ጠራው፤ እሱ ያረፈበት ጫካ ጸጥ ይላልና። ለአርባ አንድ ዓመት ጦጣ በል ሲባል ኖሯል። ጦጣ ይበላል፤ ግን ከዕለት ምግቡ አብዛኛው ሽኮኮና እባብ ነው። ይህችን ጦጣ አልገደላትም። ልዕልት ትባላለች፤ የሞተችው የፀጉር ቅባት በልታ ነው። እዚህ የተቀመጠችው የጠፋውን ቀኝ እግሩን እንድትሸፍን ነው። ጦጣ በል መባሉም እሷን ከማየት የመጣ ነው።»

«እግሩን ማን ወሰደው?» አለ ዘበኛው።

ተመልሼ ድመቷን ጨመርኩ። መጣሁና አነበብኩ።

«ምን ዓይነት ድመት?»

«ጋሼ፣ ድመት ድመት ናት!»

«ጎብኚው ይጠይቀኛል። ምን ልበለው?»

«ነጭ!» አልኩ ጮኼ። «ነጭ ድመት! በቃዎት?» እዚያው ቆሜ በእርሳስ ጻፍኩት።

ዘበኛው ኮፍያውን አደረገ። «ጥያቄ የለኝም» አለ። በአሥራ ሰባት ዓመት ሥራዬ ይህን ቃል ከሦስተኛ ዙር ሳያልፍ ስሰማ አራተኛዬ ነው፤ ይኸኛውም ሦስተኛ ዙር ላይ መሆኑን ልብ በሉልኝ።

ዓርብ ዳይሬክተሩ መግለጫውን ንስሩ ፊት ቆሞ አነበበው። አንድ ጊዜ አነበበ። ጎንበስ ብሎ ከጦጣዋ ጀርባ አየ። ሁለተኛ አነበበ።

«ተሸንፈዋል» አለኝ።

«ተሸንፌያለሁ። ነገ ጋዜጣው ላይ ይወጣል፤ ርዕሱም ይኸው ነው።» እያንዳንዱ ቃል ጉሮሮዬን እንደ ዓሣ አጥንት እየቧጠጠ ወጣ።

«ስለዚህ ንስሩ ይወርዳል።»

«ለምን ሲባል?»

«ሐሰት የተሸከመ ነገር...»

«ሐሰቱን ያሳዩኝ። ስሙን አውርደነዋል። እግሩ የለም ብለናል። ጦጣዋን ከነቅባቷ አስተዋውቀናል። በዚህ አዳራሽ ውስጥ ከዚህ ንስር የበለጠ እውነተኛ ነገር ካለ ይጥሩልኝ፤ እርስዎንና እኔን ጨምሮ።»

ዳይሬክተሩ ወደ ዘበኛው ዞረ። ዘበኛው ጣሪያውን ያይ ነበር። «እኔ ጥያቄ የለኝም» አለ ለጣሪያው።

ዳይሬክተሩ አጎቴን አየው። አጎቴ አግዳሚው ላይ ጋዜጣውን ገልብጦ ይዞ ያነብባል። ከዚያ ዳይሬክተሩ ያላሰብኩትን አደረገ፤ በእጁ አፉን ሸፈነ፤ ትከሻው ሁለት ጊዜ ተነቃነቀ። «የፀጉር ቅባት» አለ፣ ከራሱ ጋር። ብዕሩን አውጥቶ ፈረመ። እኔ እንደምለው ክፉ ሰው ላይሆን ይችላል፤ ይህን ግን ጋዜጣ ላይ አልጽፍለትም።

ተሸካሚዎቹ እንዳይመጡ ተነገራቸው። መግለጫው ናስ ላይ ተቀርጾ ሰኞ በብሎን ተገጠመ። አራት ሰዓት ላይ አጎቴ መጣ፤ ለመጀመሪያ ጊዜ አግዳሚውን አልፎ፣ ምርኩዙን ተደግፎ፣ መስታወቱ ድረስ ቀረበ። መነጽሩን አጸዳ። ቃል በቃል አነበበ። እኔ አጠገቡ ቆሜ ጎሽ እስኪለኝ ጠበቅኩ፤ ይህን ጎሽ ከስንት ትግል በኋላ የማገኘው ነውና።

«ቆንጆ ነው» አለኝ። ጉሮሮውን ጠረገ። «ድመቷ ግን ግራጫ ነበረች።»

ናሱን አየሁት። ነጭ ድመት ይላል፤ በሚያምር ፊደል፣ በዳይሬክተሩ ፊርማ፣ ለሌላ አርባ አንድ ዓመት የሚበቃ ጥልቀት ተቀርጾ።

«ቀስ ይበሉ» አልኩት በሹክሹክታ።

«ምን አሉ ጋሼ?» አለ ዘበኛው ከበሩ።

ንስሩ በመስታወት ዓይኑ አየኝ። አፌን ከፈትኩ። አንድም ቃል አልወጣም። ከዚያ ወደ ቢሮዬ ሄጄ ብሎን መፍቻ ይዤ መጣሁ።